የድሮ የመርማሪ ታሪክ መጀመሪያ የወጣበትን መጽሔት እንዴት እናገኛለን?

የአጋታ ክሪስቲን “የዐቃቤ ሕግ ምስክር” ያነበበ ሰው ታሪኩ መቼ እንደወጣ ለማወቅ ወደ መድበሉ ቢሄድ የሚያገኘው 1933 የሚል ዓመት ነው። ታሪኩ ግን ከዚያ ስምንት ዓመት ቀድሞ፣ ጃንዋሪ 31 ቀን 1925፣ ፍሊንስ በተባለ የአሜሪካ ሳምንታዊ መጽሔት ላይ ታትሞ ነበር። ርዕሱም ያኔ ሌላ ነው፤ “የከሃዲ እጆች” የሚል። መጽሐፉን ብቻ ያመነ ሰው ዓመቱንም፣ አገሩንም፣ ርዕሱንም ስቷል ማለት ነው።

በዚያ ዘመን አጭር የመርማሪ ታሪክ አብዛኛውን ጊዜ የሚወለደው በመጽሔት ላይ ነበር። መጽሐፍ የሚመጣው በኋላ ነው፤ ለደራሲው ቀድሞ የሚከፍለው፣ የገጹን ብዛት የሚወስነው፣ ሠዓሊ የሚመድበው መጽሔቱ ነው። እኔ በትርፍ ጊዜዬ እንዲህ ያሉ ታሪኮችን ስለምተረጉም፣ ከእያንዳንዱ ትርጉም በታች “መጀመሪያ የወጣው እዚህ ነው” ብዬ መጻፍን ግዴታ አድርጌዋለሁ። ለደራሲው የሚገባው ነገር ነው። ከዚህም ሌላ በአሜሪካ የእነዚያ ዘመን ጽሑፎች የቅጂ መብት የሚቆጠረው መጀመሪያ ከታተሙበት ዓመት አንሥቶ 95 ዓመት ስለሆነ፣ ዓመቱን መሳት ከባድ ስሕተት ሊያስከትል ይችላል። (በእኛ አገር ሕግ የሚቆጠረው ደራሲው ከሞተ በኋላ 50 ዓመት ነው።)

ከዚህ በታች የምጽፈው ራሴ የምከተለውን መንገድ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው፤ ወሮቹንም ሆን ብዬ ጁላይ፣ ኦክቶበር እያልኩ እጽፋለሁ። “ሐምሌ 1891” ብሎ መጻፍ የኛ አንባቢ የትኛውን አቆጣጠር እንደያዝን እንዳያውቅ ያደርገዋል። እርስዎም ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ይህን ይልመዱ።

1. መጀመሪያ አንድ ካርድ ይሙሉ

ኮምፒውተሩን ከመክፈትዎ በፊት ወረቀት ይዘው ይቀመጡ። የደራሲውን ሙሉ ስም፣ የሚያውቁትን ርዕስ ሁሉ፣ የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር ቃል በቃል፣ የገጸ ባሕርያቱንና የቦታዎቹን ስም፣ እስካሁን ያገኙትን ከሁሉ የቀደመ ቀን ይጻፉ። ርዕስ እንደ ልብስ ይለወጣል። እንግዳ የሆነ የሰው ወይም የመንገድ ስም ግን እምብዛም አይነካም፤ ስለዚህ ዋናው መፈለጊያዎ እሱ ነው።

የቼስተርተንን መርማሪ ቄስ፣ አባ ብራውንን ይውሰዱ። የመጀመሪያው ታሪክ ዛሬ በሁሉም መድበል ውስጥ “ሰማያዊው መስቀል” ይባላል። ጁላይ 23 ቀን 1910 በአሜሪካው ሳተርዴይ ኢቭኒንግ ፖስት ላይ ሲወጣ ግን ርዕሱ “ቫሌንቲን እንግዳ ዱካ ይከተላል” የሚል ነበር። “ሰማያዊው መስቀል” ብሎ የሳተርዴይ ኢቭኒንግ ፖስትን ማውጫ የሚያገላብጥ ሰው ቀኑን ሙሉ ቢፈልግ አያገኘውም። የገጸ ባሕርዩን ስም “ቫሌንቲን” ብሎ የፈለገ ግን ወዲያው ይደርስበታል።

2. በእጅዎ ያለው የአማርኛ ትርጉም ብቻ ከሆነ

ይህ የብዙዎቻችን ችግር ስለሆነ ትንሽ ልቆይበት። ከዓመታት በፊት ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ አሮጌ መጻሕፍት ከሚሸጡ ሰዎች ላይ ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሔት ገዛሁ። ውስጡ “የቀዘቀዘው ሥጋ” የሚል አጭር ታሪክ አለ። ከሥሩ “ከእንግሊዝኛ የተተረጎመ” ይላል፤ የደራሲ ስም የለም፤ የዋናው ርዕስ የለም። ተርጓሚው ርዕሱን እንደራሱ አውጥቶታል።

ያደረግኩት ይህን ነው። ታሪኩን በእርሳስ እያሰመርኩ አንብቤ ስሞቹን ለየሁ፤ ሜሪ፣ ፓትሪክ፣ ማሎኒ፣ ኑናን። ሜሪና ፓትሪክ በየመንደሩ ስለሚገኙ ተውኳቸው። ማሎኒንና ኑናንን በእንግሊዝኛ ፊደል በሚቻለው መንገድ ሁሉ ጻፍኳቸው፤ የማሎኒን መጨረሻ በአይ፣ በዋይ፣ በኢና ዋይ፤ የኑናንን መካከል በአንድ ኦ፣ በሁለት ኦ። አማርኛችን የፈረንጅ ስም ሲያስገባ ድምፁን እንጂ ፊደሉን አይዝም፤ እንዲህ ካልተደረገ ስሙ አይገኝም። በመጨረሻ ሁለቱን ስሞች ከታሪኩ እንግዳ ዕቃ ጋር አንድ ላይ አድርጌ ፈለግሁ። ዕቃው በረዶ የሆነ የበግ እግር ነበር። ሚስት ባሏን በእሱ መትታ ትገድልና፣ ጠብሳ ለመርማሪ ፖሊሶቹ ታበላቸዋለች።

ወዲያው ወጣ፤ የሮአልድ ዳል ሥራ ነው፤ ሴፕቴምበር 1953 በሃርፐርስ መጽሔት የታተመ። አንድ ስም ብቻ ብዙ ቦታ ይወስድዎታል። ሁለት ብርቅ ስምና አንድ ብርቅ ዕቃ ሲጣመሩ ግን ፍለጋው ይጠብባል።

3. የመብቱን ገጽና የምስጋናውን ገጽ ያንብቡ

ታሪኩ በመድበል ውስጥ ካለ፣ ሰው የሚዘልላቸውን ትንንሽ ፊደላት ያንብቡ። የቅጂ መብቱ በደራሲው ስም ሳይሆን በአንድ ኩባንያ ስም ተመዝግቦ ከሆነ ያ ኩባንያ ብዙውን ጊዜ የመጽሔቱ አሳታሚ ነው። ብዙ ዓመቶች ተደርድረው ካዩ፣ እያንዳንዱ ዓመት የአንድ ወይም የጥቂት ታሪኮች ነው፤ የትኛው የትኛው እንደሆነ ግን ገጹ አይነግርዎትም።

እዚህ ላይ አንድ ወጥመድ አለ። ኤለሪ ኩዊንስ ሚስትሪ ማጋዚን በ1941 መኸር ሲጀመር አዳዲስ ብቻ ሳይሆን የቆዩ ታሪኮችንም እየለቀመ ያትም ነበር፤ አንዳንዴም በአዲስ ርዕስ። ስለዚህ የ1910ዎቹ ደራሲ ሥራ “በኤለሪ ኩዊን 1940ዎቹ ላይ የታተመ” የሚል ካገኙ፣ ያገኙት ዳግም ኅትመት መሆኑን ጠርጥረው ወደ ኋላ ይሂዱ።

4. ማውጫዎቹን ያገላብጡ

በኢንተርኔት ላይ በነፃ የሚገኝ፣ ለዚህ ሥራ አቻ የሌለው ማውጫ ፊክሽንማግስ ኢንዴክስ ነው። ዊሊያም ኮንቴንቶና ፊል ስቲቨንሰን ፔይን ያሰናዱት ሲሆን፣ ልብ ወለድ ያወጡ የእንግሊዝኛ መጽሔቶችን ይዘት በደራሲ ስም ዘርዝሯል። የወንጀልና የመርማሪ መጽሔቶች ብቻ ለብቻቸው የተዘረዘሩበት እህት ማውጫም አለው። ሲከፍቱት በርዕስ አይጀምሩ፤ የደራሲውን ገጽ ይክፈቱና ከላይ እስከ ታች ያንብቡ። ከርዕሱ ጎን ያሉት ሁለት ትንንሽ ፊደላት የጽሑፉን ዓይነት ይናገራሉ፤ ኤስኤስ አጭር ታሪክ፣ ኤስኤል በተከታታይ የወጣ ማለት ነው። ከዚያ የመጽሔቱ ስምና ቀን ይከተላል።

ለአንዳንድ ደራሲ ከዚህም የተሻለ አለ። ለኮናን ዶይል በስሙ የተከፈተ የኢንተርኔት ኢንሳይክሎፒዲያ የእያንዳንዱን ታሪክ ኅትመት በቀን በቀን ይዘረዝራል። ለኤድጋር አለን ፖ ደግሞ የባልቲሞሩ የፖ ማኅበር እያንዳንዱን የጽሑፍ ቅጂ ሳይቀር አስቀምጧል።

ለአሜሪካ ታሪኮች ሌላም መንገድ አለ፤ ጥቂት ሰው ነው የሚያውቀው። በዚያ ዘመን የአሜሪካ የቅጂ መብት 28 ዓመት ሲሞላው መታደስ ነበረበት። እድሳቱ በመንግሥቱ የቅጂ መብት መዝገብ ላይ ሲጻፍ ታሪኩ የወጣበት መጽሔት ስምና ቀን አብሮ ይሰፍራል። መዝገቡ በስካን ወጥቶ በነፃ ይነበባል። ታሪኩ በ1930 አካባቢ የወጣ ይመስለኛል ካሉ፣ የ1957ንና የ1958ን የእድሳት መዝገብ በደራሲው ስም ይፈልጉ።

5. ገጹን በዓይንዎ ይዩ

ማውጫ ወዴት እንደሚሄዱ ይጠቁማል እንጂ ምስክር አይሆንም። ሰው የጻፈው ነው፤ ቀን ይዛባል፣ ገጽ ይዘለላል። ሥራው የሚያልቀው ገጹን ሲያዩት ነው።

የስካን ጥራዞች የሚገኙባቸው ዋና ቦታዎች ኢንተርኔት አርካይቭ፣ ሃቲ ትረስትና ጎግል ቡክስ ናቸው። የፔንስልቬንያ ዩኒቨርሲቲ “ኦንላይን ቡክስ ፔጅ” ደግሞ የአንድ መጽሔት የትኛው ዓመት የት እንደሚከፈት ሰብስቦ ያሳያል፤ እኔ ሁልጊዜ ከእሱ እጀምራለሁ። ለፈረንሳይ የብሔራዊ ቤተ መጻሕፍታቸው ጋሊካ አለ። ሌባው ገጸ ባሕርይ አርሴን ሉፓን መጀመሪያ ብቅ ያለበት ዤ ሴ ቱ የተባለ መጽሔት የጁላይ 1905 ነው። ለብሪታንያ ሳምንታዊ መጽሔቶች ብሪቲሽ ኒውስፔፐር አርካይቭ አለ፤ የሚያስከፍል ቢሆንም የክሪስቲ መርማሪ ፖይሮ ያለበት የመጀመሪያው አጭር ታሪክ ማርች 7 ቀን 1923 የወጣበት ዘ ስኬች እዚያ ውስጥ ነው።

ሃቲ ትረስት ላይ አንድ ነገር ይወቁ። ከአሜሪካ ውጭ የታተሙ የ20ኛው ክፍለ ዘመን ጥራዞች ብዙዎቹ የሚከፈቱት አሜሪካ ውስጥ ላለ ሰው ብቻ ነው። አዲስ አበባ ሆነው የተዘጋብዎ ጥራዝ ዋሽንግተን ላለ ዘመድዎ ይከፈታል። የጥራዙን ቁጥርና የገጹን ቁጥር ልከው ፎቶ አንሥቶ እንዲልክልዎ ይጠይቁት። የገጹን ቁጥር ከየት አመጣለሁ ካሉ፣ የተዘጋም ጥራዝ ቢሆን ቃል ሲፈልጉበት ቃሉ በየትኛው ገጽ እንዳለ ይነግርዎታል፤ ገጹን ብቻ ነው የማያሳይዎ። ሲፈልጉ ረጅም ዓረፍተ ነገር አያስገቡ። ኮምፒውተሩ ያረጀ ኅትመት ሲያነብ ፊደል ያጠፋል፤ ጎን ለጎን ያሉ ሁለት ብርቅ ቃላት ይበቃሉ።

አሁን ብዙ ሰው ወደሚሰናከልበት ቦታ ደርሰናል። ስካን የተደረገው ብዙውን ጊዜ የየወሩ ዕትም ሳይሆን የተጠረዘ ቅጽ ነው። ጠራዡ ሽፋኖቹንና ማስታወቂያዎቹን ነቅሎ ስለሚጥላቸው “ኦገስት” የሚል ወረቀት የለም። ወሩን ማስላት የእርስዎ ፈንታ ነው።

ዘ ስትራንድ ማጋዚንን እናስላ። በጃንዋሪ 1891 ለንደን ተጀመረ። በዓመት ሁለት ቅጽ ይጠረዛል፤ ከጃንዋሪ እስከ ጁን አንድ፣ ከጁላይ እስከ ዲሴምበር አንድ። ስለዚህ ቅጽ 2 የ1891 ሁለተኛ አጋማሽ ነው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የአንድ ወር ዕትም 112 ገጽ ነበረው፤ የገጽ ቁጥሩም በየወሩ እንደ አዲስ ሳይጀምር በቅጹ ውስጥ ይቀጥላል። እንግዲህ ከገጽ 1 እስከ 112 ጁላይ፣ ከ113 እስከ 224 ኦገስት፣ ከ225 እስከ 336 ሴፕቴምበር ይሆናል። የሼርሎክ ሆምስ “የቦሂሚያ ቅሌት” ገጽ 61 ላይ ይጀምራል፤ ጁላይ። “የቀይ ፀጉራሞች ማኅበር” ገጽ 190 ላይ ነው፤ ኦገስት። “የማንነት ጉዳይ” ገጽ 248 ላይ ነው፤ ሴፕቴምበር። ስሌቱ ከሚታወቁት ቀኖች ጋር ልክ ይገጥማል። ሌላ መጽሔት ሌላ የገጽ ብዛት ስላለው፣ አስቀድመው ወሩን በእርግጠኝነት የሚያውቁትን አንድ ታሪክ አስልተው ይፈትኑት፤ ከገጠመ ለሌላውም ይጠቀሙበት።

6. በሽፋን ላይ ያለው ቀን የወጣበት ቀን ላይሆን ይችላል

ወርኃዊ መጽሔት ከሽፋኑ ወር አስቀድሞ ገበያ ላይ ሊውል ይችላል። በዓመት አንድ ጊዜ ለስጦታ የሚወጡት ጥራዞች ደግሞ የመጪውን ዓመት ቁጥር ይይዙ ነበር። የፖ “የተሰረቀው ደብዳቤ” የወጣበት ዘ ጊፍት ሽፋኑ ላይ 1845 ይላል፤ ሰው እጅ የገባው ግን በ1844 ነው። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ኤድንበራ የሚታተም አንድ መጽሔት አሳጥሮ አውጥቶታል። ሽፋኑን ብቻ ያየ ሰው የስኮትላንዱን አጭር ቅጂ የመጀመሪያው አድርጎ ሊቆጥረው ነው።

አትላንቲክን ተሻግረው ሁለት ቦታ የወጡ ታሪኮችም እንዲሁ ናቸው። ሼርሎክ ሆምስ ከሞት የተመለሰበት “ባዶው ቤት” በአሜሪካው ኮሊየርስ ላይ ሴፕቴምበር 26 ቀን 1903፣ በስትራንድ ላይ ኦክቶበር 1903 ይላል። አንዱ ሳምንታዊ ነው፣ ሌላው ወርኃዊ። የሳምንታዊውን ቀን ከወርኃዊው ወር ጋር አስተያይቶ በጥቂት ቀን ልዩነት “ይኸኛው ቀደመ” ብሎ መፍረድ አይገባም። ሁለቱንም ይመዝግቡ። “ሰማያዊው መስቀል” ግን ከሳተርዴይ ኢቭኒንግ ፖስት ወደ ለንደኑ ስቶሪ ቴለር የደረሰው ሴፕቴምበር 1910 ስለሆነ፣ እዚያ ላይ አሜሪካው ቀደመ ማለት ይቻላል።

7. መጽሔት ውስጥ ከጠፋ ጋዜጣ ይፈልጉ

የዣክ ፉትረል “የክፍል 13 እንቆቅልሽ” በየትኛውም መጽሔት ብዙ ቢፈለግ የመጀመሪያው ኅትመት አይገኝም። መጀመሪያ የወጣው ቦስተን አሜሪካን በተባለ ዕለታዊ ጋዜጣ ላይ፣ ከኦክቶበር 30 እስከ ኖቬምበር 5 ቀን 1905 በየቀኑ እየተቆራረጠ ነው። የታሪኩ ጀግና የሆነው ፕሮፌሰር ከእስር ክፍሉ እንዴት እንደሚያመልጥ ለሚገምት አንባቢ ጋዜጣው ሽልማት አቅርቦ ነበር። የሆምስ የመጀመሪያዎቹ ታሪኮችም በአሜሪካ የተሸጡት በማክሉር ድርጅት በኩል ለተለያዩ ከተሞች ጋዜጦች ነው። ለአሜሪካ ጋዜጦች የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት “ክሮኒክሊንግ አሜሪካ” በነፃ ያገለግላል።

8. የብዕር ስም

ዳሺል ሃሜት ስሙ የሌለውን መርማሪውን ያስተዋወቀበት የመጀመሪያ ታሪክ በብላክ ማስክ ኦክቶበር 1 ቀን 1923 ሲወጣ የደራሲው ስም ፒተር ኮሊንሰን ነው። በኦክቶበር 15ቱ ዕትም ላይ ደግሞ ሁለት ታሪክ አለው፤ አንዱ በኮሊንሰን፣ አንዱ በራሱ ስም። በአንድ ዕትም ውስጥ በሁለት ስም! ስለዚህ ካርድዎ ላይ “ደራሲ” ብለው ከጻፉ በኋላ “በገጹ ላይ የታተመው ስም” የሚል ሌላ መስመር ይጨምሩ። በዚህ መጽሔት ላይ “ኦክቶበር 1923” ማለት ብቻ አይበቃም፤ በወር ሁለቴ ስለሚወጣ ቀኑ የግድ ነው።

9. የመጽሔቱንና የመጽሐፉን ጽሑፍ ጎን ለጎን ያንብቡ

ይህን ሥራ እንድወደው ያደረገኝ እዚህ ላይ የሚገኘው ነገር ነው። የሆምስ “የካርቶን ሣጥኑ” ጃንዋሪ 1893 በስትራንድ ታተመ። በዚያው ተከታታይ የወጡት ሌሎቹ ታሪኮች በመድበል ተሰብስበው ለንደን ሲወጡ ይህ ታሪክ ቀረ፤ በእንግሊዝ መድበል ውስጥ የገባው በ1917 ነው። መግቢያው ላይ ሆምስ ዋትሰን ምን እያሰበ እንደሆነ ሳይናገር የሚያነብበት የሚያምር ክፍል ነበረው። ታሪኩ ሲቀር ያ ክፍል እንዳይጠፋ ተነቅሎ “ተኝቶ ታካሚው” ወደሚለው ሌላ ታሪክ መግቢያ ተዛወረ። የስትራንድን ኦገስት 1893 ዕትም ከፍተው “ተኝቶ ታካሚው”ን ሲያነቡ ያ ክፍል እዚያ የለም። መድበሉን ብቻ ያነበበ ግን ሁልጊዜም እዚያ የነበረ ይመስለዋል። የምተረጉመው ከየትኛው ቅጂ ነው የሚለውን ጥያቄ ለመመለስ ይህን ማወቅ ያስፈልጋል፤ “የካርቶን ሣጥኑ” የ1917 ሥራ ነው የሚል ጽሑፍ ካዩም በ24 ዓመት የዘገየ መሆኑን ያውቃሉ።

ሁሉን ቃል በቃል ማስተያየት ጊዜ ይወስዳል። ጊዜ ከሌለዎ የመጀመሪያዎቹን ሁለት አንቀጾች፣ የመጨረሻውን ገጽና የሰዎቹን ስም ብቻ ያስተያዩ።

10. ያገኙትን ይመዝግቡ

ደራሲው በእውነት ማን እንደሆነና በገጹ ላይ የታተመው ስም፣ ርዕሱ በገጹ ላይ እንዳለ፣ መጽሔቱ፣ ከተማው፣ ቅጹ፣ ቁጥሩ፣ ቀኑ፣ ገጾቹ፣ ሠዓሊው። ከሁሉ በታች ይህን እንዴት እንዳወቁት ይጻፉ። በማውጫ ያገኙትንና በዓይንዎ ያዩትን አያቀላቅሉ፤ ከዓመት በኋላ ወደ ካርዱ ሲመለሱ ልዩነቱን አያስታውሱትም። የኔ አንዱ ካርድ እንዲህ ይላል፦

ኤ. ኮናን ዶይል (በገጹ ላይም ይኸው)። “የቦሂሚያ ቅሌት”፣ በ“የሼርሎክ ሆምስ ጀብዱዎች” ሥር አንደኛ። ዘ ስትራንድ ማጋዚን፣ ለንደን፣ ቅጽ 2፣ ቁጥር 7፣ ጁላይ 1891 (እ.ኤ.አ.)፣ ገጽ 61–75። ሥዕል፦ ሲድኒ ፓጄት። ወሩ ከገጽ ቁጥር የተሰላ፤ ገጹ በስካን የታየ።